ጉጉቷና የእድሩ ድንኳን

እናቴን የገደላት ስኳር በሽታ ነው። ጉጉት አይደለችም። ይህቺን አንዲት ነገር ስደጋግም ዓመት አለፈኝ። በእድር ስብሰባ ላይ ተናገርኩ፣ ወፍጮ ቤት ተራ ስጠብቅ ተናገርኩ፣ በገዛ እናቴ የለቅሶ ድንኳን ውስጥ ሳይቀር ተናገርኩ። የሰማኝ የለም። ዛሬም ከኮልፌ 18 ማዞሪያ ገባ ብላችሁ የሰፈራችንን ሰው ብትጠይቁ፣ ከንፈሩን እየመጠጠ የወፍ ታሪክ የሚነግራችሁ አታጡም። እኔን የወፍ ታሪክ ሰልችቶኛል። የሆነውን እንደሆነ ልጻፈው፤ ንዴቴም ካለበት ይኑርበት።

እኔ ሴት ልጇ የባዮሎጂ አስተማሪ ነኝ። ትምህርት ቤቴ ከሰፈሬ ሩቅ ስላልሆነ የመንደሩ ግማሽ በእኔ እጅ አልፏል፤ ልጅ ወልደውም፣ ሱቅ ከፍተውም ዛሬም ድረስ «ቲቸር» ነው የሚሉኝ። ከቤታችን አጥር ማዶ የእድሩ ዕቃ ቤት አለ፤ ድንኳኑ፣ ብረት ድስቱ፣ አግዳሚ ወንበሩ የሚቀመጥበት የቆርቆሮ ቤት። ከዕቃ ቤቱ ጎን ደግሞ አንድ ትልቅ ጥድ ነበር። ግንዱ ላይ ፍልፍል አለው፤ ፍልፍሉ ውስጥ ፊቷ ነጭ የሆነ ጉጉት ትኖር ነበር። እኛ ቦታውን ስንመራ ዛፉ ነበር። ጉጉቷም፣ ወይ እናቷ፣ ወይ የእናቷ እናት፣ ነበረች።

ጉጉት ያደነችውን አይጥ እንዳለ ትውጣለች። ሆዷ የማይፈጨውን ፀጉርና አጥንት ግን ድቡልቡል አድርጋ መልሳ ትተፋዋለች። ጠዋት ወደ ሥራ ስሄድ ከጥዱ ሥር እነዚያን ድቡልቡሎች በላስቲክ ለቅሜ ክፍል ይዤ እገባ ነበር። ተማሪዎቼ መጀመሪያ «ኤጭ!» ብለው ይሸሻሉ። ትንሽ ቆይተው በስንጥር ሲፈለፍሉ የአይጥ መንጋጋ ብቅ ይላል፣ ከዚያ የራስ ቅል፣ ከዚያ ሌላ የራስ ቅል፤ ይኼኔ ሁሉም ጥርስ በጥርስ ይሆናል። ጉጉቷ ስንት አይጥ እንደበላች ቀድሞ የቆጠረ ቡድን አሸናፊ ነው። በሰሌዳው ላይ ደግሞ የምጽፈው ሁልጊዜ አንድ ነው፤ ጉጉት አይጥን አትጨርስም። ከጨረሰች ራሷ ትራባለች። አይጥ በበዛበት ዓመት ብዙ ጫጩት ታሳድጋለች፣ አይጥ ባነሰበት ዓመት ምናልባት አንድም ላታሳድግ ትችላለች። አንዱ ከሌላው ልክ እንዳያልፍ እየተያዩ ይኖራሉ። ይህንን በፈተና ላይ ያልጻፈልኝ የሰፈራችን ልጅ የለም። ፈተና ላይ!

የዕቃ ቤቱን ቁልፍ የያዘችው እናቴ ነበረች። ጉልበቷ እስኪከዳት ድረስ ብረት ድስቱን በአመድ የምትፈትገው፣ ድንኳኑን ከለቅሶ መልስ ፀሐይ ላይ አስጥታ የምታጥፈው፣ የተቀደደውን የምትሰፋው እሷ ናት። ስኳሩ እግሯን ይዞ አልጋ ላይ ሲያስቀራት ቁልፉን ለእድሩ መለሰች፤ ሐሳቡን ግን አልመለሰችም። እኔ ከጦር ኃይሎች መድኃኒቷን ገዝቼ ስገባ የምትጠይቀኝ ስለ መድኃኒቱ አልነበረም።

«ድንኳኑን አናፈሱት?» ትለኛለች።

«አናፈሱት፣ እማዬ።»

«የሰው ለቅሶ ሳይጎድል አሳልፌያለሁ። የእኔም ሳይጎድል ይለፍ። ቀባሪዬን ዝናብ እንዳይመታብኝ፤ ሌላ ምንም አልፈልግም።»

ሌላ ምንም አልፈለገችም። ልብ በሉልኝ፤ ሴትዮዋ ዕድሜዋን ሙሉ ሌላውን ስታገለግል ኖራ ከሰፈሩ የፈለገችው አንድ የማያፈስ ድንኳን ነው።

በዚያ ክረምት በሰፈራችን ሦስት ሰዎች ተከታትለው ሞቱ። አንዱ ዘጠና የተጠጉ አዛውንት፣ አንዷ ለረጅም ጊዜ ታማ የከረመች፣ አንዱ በመኪና አደጋ። ጉጉቷ ደግሞ እንደ ልማዷ ሲመሽ ትጮኻለች። ሁለቱን ነገር ማን እንደገጣጠማቸው አላውቅም። ብቻ መስከረም ሲጠባ መንደሩ በሙሉ አንድ ወሬ ሆነ፤ ወፏ እየጠራች ነው፣ ቀጣይዋ በአጥሩ ማዶ የተኛችው ሴትዮ ናት። እናቴ ማለታቸው ነው።

የእድሩ ሽማግሌዎች እናቴን ሊጠይቁ መጡ። ሰብሳቢው ጡረታ የወጡ፣ ድምፃቸው ጎርነን ያለ፣ ሲናገሩ በከዘራቸው መሬት የሚነኩ ሰው ናቸው። ዳቧቸውን ቆረሱ፣ «እግዜር ይማርሽ» አሉ፣ ከዚያ ነገሩን አመጡት።

«ይህችን ጉጉት ከነዛፏ ብናነሳልሽስ?» አሉ።

እናቴ ነጠላዋን ሰብሰብ አድርጋ «እናንተ ያላችሁት ይሁን» አለቻቸው።

እኛ ዘንድ አልጋ ላይ የተኛች ሴት ሊጠይቋት ከመጡ ሽማግሌዎች ጋር አትከራከርም። «እናንተ ያላችሁት ይሁን» ማለት «እንግዶቼ ናችሁ፣ ሻያችሁ ቀዘቀዘ» ማለት ነው። ይህንን የማያውቅ ሐበሻ አለ? የለም። ሁሉም ያውቃል፤ ሲመቸው ግን ቃሉን እንዳለ ያነሳዋል። እነሱ ከወጡ በኋላ ተቆጣኋት።

«ምን ልበላቸው ታዲያ?» አለችኝ። «ሊጠይቁኝ መጥተው ልሟገታቸው?»

«አንቺ ትፈሪያታለሽ?»

«ጉጉቷን? ኧረ እኔማ ለምጃታለሁ። እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ፣ እሷም አልተኛችም እላለሁ።»

እድራችን ወር በገባ በመጀመሪያው እሁድ ሜዳው ላይ ይሰበሰባል። የዚያን እሁድ አጀንዳ ጥዱ ነበር። ሰብሳቢው ከዘራቸውን መሬት ላይ ተከሉና «እናታችን ራሷ ጠይቃናለች» ብለው ጀመሩ። ጠይቃናለች! ተነሣሁ።

«ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። እናቴ አልጠየቀችም፤ እናንተን አክብራ ነው። ጉጉቷ ደግሞ ሁልጊዜም ትጮኻለች፤ ጮኻ ሰው ያልሞተበትን ቀን ማን ይዞት ያውቃል? ዛፉ ዕቃ ቤቱ አጠገብ ነው፤ ወፏ ባትኖር ድንኳኑን አይጥ ይጫወትበታል።»

«አንቺ ደግሞ ሁሉን ነገር ትምህርት ታደርጊዋለሽ» አሉኝ።

ሰው ሳቀ። ንዴት አፌን ከፈተው። «እሺ፣ ጥሩምባ ነፊያችንም ሰው በሞተ ቁጥር ይጮኻል። እሱንስ ለምን አንቆርጠውም?»

አሁን ሳቁ ወደ እኔ ወገን ዞረ፤ ያሸነፍኩ መሰለኝ። ጥሩምባ ነፊው ግን አልሳቀም። በእኔ ዕድሜ ያለ፣ ቀጭን፣ ቀልድ የማይወድ ሰው ነው። ከኋላ ተነሥቶ «እኔ የምነፋው ሰው ከሞተ በኋላ ነው፤ እሷ የምትጠራው ሳይሞት ነው» አለ።

አጨበጨቡለት። ዕድሜዬን ሙሉ ያስተማርኩት ትምህርት በአንድ ጥሩምባ ነፊ ወደቀ። ጴንጤዎቹ ጎረቤቶቻችን ዛፉ ላይ መንፈስ አለ አሉ፤ የእኛዎቹ ኦርቶዶክሶች ሟርት ናት አሉ። በጾም ቀን ስለ ሥጋ ሽታ እንኳ ተስማምተው የማያውቁ ሰዎች አንድ ላይ እጅ አወጡ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይባላል። የእኛ እድር አብሮ ያሰረው አንዲት ወፍ ነው።

ጥቅምት ላይ ቆረጡት። ሞተር መጋዝ ያመጣው የወፍጮ ቤቱ ባለቤት ነበር፤ የድሮ ተማሪዬ። በአይጥ ቆጠራው ቡድኑን አሸናፊ ያደረገ፣ የአይጥ መንጋጋ በወረቀት ጠቅልሎ ቤቱ የወሰደ ልጅ! ፊት ለፊቱ ቆምኩ።

«ቲቸር፣ እኔ ምን ላድርግ? እድሩ ነው ያዘዘኝ» አለ፤ ዓይኔን ግን አላየኝም።

ዛፉ ሲወድቅ ጉጉቷ በጠራራ ፀሐይ ወጣች። በቀን ብርሃን ስትበር አይቻት አላውቅም ነበር። ዕቃ ቤቱ ጣሪያ ላይ አረፈች፣ ቁራዎች ከበቧት፣ ከታች ደግሞ ድንጋይ። የወረወሩት ልጆች እንዳይመስሏችሁ፤ ሚስትና ልጅ ያላቸው ትልልቅ ሰዎች ናቸው። ከግንዱ ፍልፍል ውስጥ ነጭ ፀጉር የመሰለ ላባ ያላቸው ጫጩቶች ወጡ፤ እነሱም አልቀሩም። ማታ በራችን ላይ ጉማጅ እንጨት ተቆልሎ አገኘሁ። «ለእናታችን ማገዶ» ብለው ድርሻችንን አምጥተውልን ነው። አልነካሁትም። እዚያው አጥሩ ሥር እንዲበሰብስ ተውኩት።

ከዚያ በኋላ ለወራት በሰፈራችን ሰው አልሞተም። ይህን የመሰለ የሚያናድድ ነገር አይቼ አላውቅም። ሰው አለመሞቱ አስደስቶኛል፤ ያናደደኝ ፊታቸው ነው። ታክሲ ፌርማታው ላይ ሰብሳቢው በከዘራቸው እየጠቆሙ «አየሽ አይደል?» ይሉኛል። ጥሩምባ ነፊው ሥራ ፈትቶ ሲያገኘኝ ፈገግ ይላል። እኔ ምን ልበል? አንድ ሰው ይሙትልኝ ልበል?

ከጥር ጀምሮ አይጡ መጣ። መጀመሪያ ወፍጮ ቤቱ፤ ጆንያውን ከታች እየበሳ። ከዚያ ሱቆቹ፣ ከዚያ የየቤቱ ኮርኒስ። ማታ ጣሪያችን ላይ ሲሯሯጡ እናቴ «ሠርግ አለባቸው» እያለች ትስቅ ነበር። እርግጥ ነው፣ ሁሉን ነገር በአንዲት ወፍ ላይ መጫን አልችልም። ቱቦው ተደፍኗል፣ ቆሻሻው በጊዜ አይነሳም፣ ከታች በኩል የፈረሱት ቤቶች አይጥ ወደ እኛ ገፍተዋል። አስተማሪ ነኝና እውነቱን እናገራለሁ። ግን አይጥ በመጣበት ሰዓት የሚጠብቅ ዘበኛ ነበረን፤ እኛው በድንጋይ ወግረን ጨርሰነው ነበር።

የድሮ ተማሪዬ አንድ ቀን በር አንኳኳ። ልብሱ ዱቄት በዱቄት ነው።

«ቲቸር፣ ለአይጥ ምን ይሻላል?»

«ጉጉት» አልኩት፤ በሩን ዘጋሁበት።

መርዝ አመጡ። በቲማቲም እየለወሱ በየጥጋጥጉ አስቀመጡ። አይጦቹ ሲበሉ ደነዘዙ፣ የደነዘዘውን አይጥ ድመቶቹ በሉ፣ ድመቶቹ ሞቱ። የዐቢይ ጾም ሲገባደድ በሰፈራችን አንድ ድመት አልቀረም። አይጡ ግን በሁለት ወር ውስጥ እንደነበረው ሆነ፤ ከመርዙ የተረፉት ተዋልደዋላ። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ የሚባለው ተረት ለእኛ የተተረተ መሰለኝ። አይጥ ይበላል፣ እኛ ጉጉት እንገድላለን፤ አይጥ ይበላል፣ ድመት እንገድላለን። ይህንን ክፍል ውስጥ ባስተምር በአምስት ደቂቃ ይገባቸዋል። በራሳቸው ሰፈር ሲሆን ግን ዓመትም አይበቃቸውም።

ግንቦት ላይ የእናቴ ሌላኛው እግር ጠቆረ። ሐኪሙ ለብቻዬ ጠርቶ የነገረኝን እሷ ሳይነገራት አውቃዋለች።

«ሂጂና ድንኳኑን እይልኝ» አለችኝ።

ከሰብሳቢው ቁልፍ ተቀብዬ ዕቃ ቤቱን ከፈትኩ። ሽታው ነው የተቀበለኝ። ሰው ስላልሞተ ድንኳኑ ከክረምት ወዲህ አልተፈታም፤ እንደታጠፈ ነው የከረመው። ያ ሁሉ የኮሩበት ሞት የሌለበት ጊዜ ለአይጡ የወሊድ ፈቃድ ሆኖለታል። የላይኛውን እጥፋት ስገልጠው ውስጡ የአይጥ ጎጆ ነው፤ ሮዝ ሮዝ ግልገሎች ይርመሰመሳሉ። ሸራው በእጥፋቱ ልክ ተበስቷል፤ ስዘረጋው አንዱ ቀዳዳ አሥር ቦታ ላይ ሆነ። እዚያው ቆሜ ማንም በሌለበት ተሳደብኩ።

ለሰብሳቢው ስነግራቸው «ክረምት ሊገባ ነው፣ ከመስከረም በኋላ ተሰብስበን እንነጋገርበታለን» አሉኝ። ከመስከረም በኋላ! እናቴ መስከረምን እንደምታይ ማን ነገራቸው? የወፍጮ ቤቱን ልጅ ጠራሁና ድንኳኑን በትከሻው ተሸክሞ ቤታችን እንዲያገባው አደረግሁ።

እናቴ የተበላውን ሸራ አገላብጣ አየችው። ታለቅሳለች ብዬ ፈርቼ ነበር።

«እንኳን በሉት» አለች። «ሥራ ፈትቼ ነበር።»

የጆንያ መርፌና ሲባጎ አስመጣች። ዓይኗ ስለደከመ ሲባጎውን መርፌው ላይ የማስገባላት እኔ ነኝ። መጣፊያ ሲያልቅብን ትምህርት ቤት የምለብሰውን አሮጌ ነጭ ጋዋን ቀደድኩላት። ሸራው አልጋዋን ሸፍኖ ወለሉ ላይ ይወርዳል፤ እሷ ከመሃሉ ብቅ ብላ ትሰፋለች።

«ከዳሩ አትጀምሪም?» አልኳት።

«ከመሃሉ ነው የምጀምረው። ሽማግሌዎቹ የሚቀመጡት ከመሃል ነው፤ ብርድ ከመታቸው አይነሱም።»

«የእነሱን ነገር ተይው ባክሽ!» ብዬ ጮኽኩባት። «ወፏን የገደሉት እነሱ፣ አይጡን ያመጡብን እነሱ! አንቺ ለእነሱ ራስ ትሰፊያለሽ?»

ቀና ብላ አየችኝ። «ቀባሪዎቼ ናቸው» አለች። «ሌላ ቀባሪ ከየት ላመጣ?» ከዚያ መርፌዋን ቀጠለች። እኔም የሚቀጥለውን ሲባጎ አስገባሁላት።

በቀን ትንሽ ትንሽ ሰፋች። ሐምሌ አጋማሽ ላይ ጣቷ መርፌ መያዝ አቃተው። መሃሉ አልቆ ነበር፤ ዳር ዳሩ እንደተበሳሳ ቀረ። እኔ ልጨርሰው ብሞክር ስፌቴ ሸራውን ይብስ ቀደደው። ድንኳን ልከራይ አልኳት፤ አስማለችኝ። «በእድሬ ድንኳን ነው። በሌላ እንዳታስለቅሺኝ።»

ነሐሴ ላይ ሞተች። ጥሩምባ ነፊው ጎሕ ሲቀድ በየመንገዱ እየዞረ ነፋላት፤ አሳምሮ ነፋላት፣ አልዋሽም። ቀብረን ስንመለስ ዝናቡ ጀመረ። የነሐሴ ዝናብ የኮልፌን ጭቃ እንዴት እንደሚያደርገው የሚያውቅ ያውቀዋል። ድንኳኑ ተተክሎ ጠበቀን፤ ለቀባሪው ወጥ የሚሠራበት እሳት ደግሞ ከአጥራችን ሥር በተነሣው የጥድ ጉማጅ ይነዳል። ማን እንዳነሣው አልጠየቅኩም።

ውኃው በየቀዳዳው ይወርድ ጀመር። ሴቶቹ ነጠላቸውን ራሳቸው ላይ አደረጉ፣ ከዳር ያለው ሰው ወንበሩን እየጎተተ ወደ መሃል ተጠጋ። መሃሉ ደረቅ ነው። ሰብሳቢው፣ ጥሩምባ ነፊው፣ የወፍጮ ቤቱ ልጅ፣ ጥዱ ይቆረጥ ብለው እጅ ያወጡት ሁሉ፣ ተጠጋግተው በደረቁ ላይ ተቀመጡ። እኔ ከሐዘንተኛ ፍራሽ ላይ ሆኜ አያቸዋለሁ። አንገቴ ላይ ጠብ ጠብ ይልብኛል። ይሁን፣ እሷ የፈለገችው ይህንን ነው፣ ዝም በይ እያልኩ ራሴን እገሥጻለሁ። ዝም ባልኩም ነበር። ሰብሳቢው ባይናገሩ።

«ሰሞኑን ከዘነበወርቅ በኩል ጉጉት ይጮኻል ሲሉ ሰምቻለሁ» አሉ አጠገባቸው ላለው፤ ድምፃቸው እንደሆነ ጎርናና ነው፣ ድንኳኑ በሙሉ ሰማ። «አንዷን ብናጠፋ ሌላዋ መጣች። እሷ ናት የወሰደቻት።»

ተነሣሁ።

«ጋሼ፣ እስቲ ቀና ብለው ይዩ።»

ቀና አሉ። ሁሉም ቀና አለ። ከራሳቸው በላይ ነጭ እራፊ በሲባጎ ተጥፏል፣ አንዱ ላይ የጋዋኔ ኪስ እንዳለ አለ። የወፍጮ ቤቱ ልጅ ኪሱን ሲያየው አንገቱን ደፋ። ከዚያ ኪስ ነበር የአይጥ መንጋጋ አውጥቼ የማሳየው።

«ይህንን የሰፋችው እሷ ናት፤ አልጋ ላይ ሆና፣ ለእናንተ ራስ ብላ። እናቴን የገደላት ስኳር ነው። ድንኳኗን የበላው አይጥ ነው። አይጡን ያበዛችሁት እናንተ ናችሁ። ጉጉት ምንም አላደረገችንም። አሁን ከእናቴ ስፌት ሥር ተነሱልኝ!»

ሐዘንተኛ ለቀባሪ እንዲህ አይናገርም፤ በእኛ አገር ተሰምቶ አያውቅም። «ሐዘን ነው፣ ሐዘን ነው» ብለው ሴቶቹ ሊይዙኝ ተነሡ። ሰብሳቢው ግን ከዘራቸውን ይዘው ቀስ ብለው ቆሙ። ወንበራቸውን ትተው ወደ ዳር ሄዱ፣ ሌሎቹም ተከተሏቸው። ወደ ቤቱ የሄደ አንድ ሰው የለም። ከዳር ቆሙ፤ ዝናቡ በባርኔጣቸውና በትከሻቸው ላይ ወረደ።

ቀባሪዎቿን ዝናብ እንዳይመታባት ነበር የለመነችው። ያስመታኋቸው እኔ ነኝ፤ ያንን ያሰብኩት ዘግይቼ ነው። በዚያች ሰዓት ግን ወደ መሃሉ ሄድኩና ከባዶው አግዳሚ ላይ ብቻዬን ተቀመጥኩ። አንዲት ጠብታ አልነካችኝም።